ሦስት ገብቶ አምስት

ጠዋት ስነሳ ስታቢላይዘሬ ቦታው የለም። ከጠረጴዛዬ ሥር ግድግዳ ተደግፎ እንደ ጠገበ ድመት እያንኮራፋ የመብራቱን ጉልበት የሚያረጋልኝ ግራጫ ሣጥን ተነስቶ፣ በነበረበት ቦታ አራት ማዕዘን የአቧራ ምልክት ብቻ ቀርቷል። የኮምፒውተሬ ገመድ ወለሉ ላይ ተጋድሟል። ከሳሎን በኩል ሰው ሲንሾካሾክ ይሰማኛል። የቤታችን ግድግዳ ቀጭን ስለሆነ መንሾካሾክ ማለት ከወትሮው ትንሽ ዝቅ አድርጎ መጮህ ነው።

«ሳትነግራት?» ትላለች እማዬ።

«አንቺ ንገሪያት። ቴሌቪዥኑ ገና ከካርቶኑ መውጣቱ ነው። የእሷ ኮምፒውተር እንደሆነ አርጅቷል፤ ቢቃጠልም አያስቆጭ። ደግሞ ዞሮ ዞሮ ጨዋታ ነው» ይላል ጋሼ፣ ታላቅ ወንድሜ።

ቆየት ብላ እማዬ በሬን ገፋ አድርጋ ገባችና፣ ወንድምሽ ስታቢላይዘሩን ለዛሬ ብቻ አውሺኝ ብሎ ለመነሽ አለችኝ። ከሰው ጠረጴዛ ሥር ተሹለክልኮ ዕቃ የሚያወጣ ሰው ተዋሽ አይባልም፣ ይህን ንገሪልኝ አልኳት። እማዬ ወጣችና፣ ምንም አይደል ይውሰደው ብላለች አለችው። ከክረምቱ ወዲህ እኔና ጋሼ በቀጥታ አንነጋገርም። ጸባችን በምን እንደተነሳ ብትጠይቁን ሁለታችን የምንነግራችሁ የተለያየ ነው፤ ብቻ ነገራችን ሁሉ በእማዬ አፍ ሆኗል። እሷ ደግሞ መልእክት የምታደርሰው ስኳር ጨምራ ነው። በዚህ ዓይነት እኔ ያላልኩትን ደግ ነገር እሱ ሲሰማ፣ እሱም ያላለውን እኔ ስሰማ ከርመናል። ሣጥኑን ያን ጊዜ፣ ማስተማር ስጀምር፣ የገዛልኝ እሱ ራሱ እንደሆነ አልክድም። ግን የሰጡትን ዕቃ ሳይናገሩ መውሰድ ከመጀመሪያው ካለመስጠት ይብሳል።

ሌላ ቀን ቢሆን አኩርፌ እንቅልፌን እቀጥል ነበር። ዛሬ ግን የማኮርፍበት ጊዜ አልነበረኝም። የማስተምረው ቴክኒክ ትምህርት ቤት ነው፣ ኤሌክትሮኒክስ። የመለማመጃ ዕቃ የምናስቀምጥበት መሳቢያ ዓመቱ ሳይጋመስ ባዶ ይሆናል፤ ተማሪ ሲማር ያቃጥላላ፣ ያላቃጠለ መቼ ተማረ። ስለዚህ መጀመሪያ ኮምፒውተር ላይ ነው የምናቃጥለው። በነፃ የሚገኝ ሶፍትዌር አለ፤ ባትሪውን፣ አምፖሉን፣ ሽቦውን ስክሪኑ ላይ እየጎተታችሁ ታገናኛላችሁ፣ ማስጀመሪያውን ስትጫኑት ነገሩ እውነት ቢሆን ኖሮ ምን ይከተል እንደነበር አስልቶ ያሳያችኋል። ስትሳሳቱ ጭስ የለም፣ ሽታ የለም፣ የሚቆጣ ንብረት ክፍል የለም። አንድ ጉድለት ብቻ አለበት፤ ባለ ሦስት እግሯ የለችውም። ባለ ሦስት እግር የምንላት ቮልቴጅ ሬጉሌተርን ነው። የአውራ ጣት ጥፍር የምታህል ጥቁር ዕቃ ናት፤ በአንዱ እግሯ ከፍ ዝቅ የሚል ጉልበት ይገባል፣ በሌላው የረጋ አምስት ቮልት ይወጣል፣ ሦስተኛው መሬት የምንለው፣ ጉልበቱ የሚመለስበት ነው። ሬዲዮው፣ የበሩ ደወል፣ የልጆች መጫወቻው ሁሉ በእሷ ነው የሚኖረው። እሷ ከሌለች ተማሪዎቼ ስክሪኑ ላይ የሚሠሩት ነገር የዕቃ ዕቃ ጨዋታ ነው፤ በዚህ በዚህ ጋሼም አልተሳሳተም።

ስለዚህ እኔው ጻፍኳት። ከሥራ መልስ፣ እሑድ እሑድ፣ ፈተና እያረምኩ በመሐል በመሐል። ሶፍትዌሩን የሚያሳድጉት በየአገሩ የተበተኑ በጎ ፈቃደኞች ናቸው። ከየአቅጣጫው የሚላከውን ሥራ አይቶ የሚያስገባውና የሚመልሰው አንድ ሰው ነው፤ አይቼው ባላውቅም ሽማግሌው እለዋለሁ፣ ምናልባት ከእኔ የሚያንስ ጎረምሳ ይሆናል። ትናንት መልስ ጻፈልኝ። ሥራሽን ወድጄዋለሁ፣ ግን ሦስት ቮልት ባስገባበት አምስት አወጣልኝ፣ የቀረውን ከየት አመጣው? የዓመቱን እትም ነገ በእናንተ ሰዓት ማታ አሥራ ሁለት ላይ እዘጋለሁ፤ አስተካክለሽ ካደረስሽ ትገባለች፣ ካልሆነ ለከርሞ ይላል። አንብቤ ብቻዬን ሳቅሁ፣ ከዚያ ፊቴ ጋለ። እውነቱን ነዋ። ስንማር ምንም ይግባ አምስት ይወጣል ተብለን ነው የተማርነው፣ እኔም እንዳለ ለኮምፒውተሩ ነገርኩት። ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ ይሉታል ይህን። እውነተኛዋ ባለ ሦስት እግር ለራሷ ሁለት ቮልት ያህል ትፈልጋለች። ሰባት ካልገባላት አምስት አትሰጥም፤ የሚገባላት ሲያንስ የምትሰጠውም አብሮ ያንሳል። ይህን ያላወቀ ተማሪ ስክሪኑ ላይ ሠርቶ፣ አጨብጭቦ፣ እጁ ላይ ያለው ዕቃ እምቢ ሲለው ሞኝነቱ የራሱ ይመስለዋል። የቀረኝ ትንሽ ነገር ነበር፤ ግን ዓመት ሊበላብኝ የሚችል ትንሽ ነገር።

ገመዱን ያለ ሣጥኑ ግድግዳው ላይ ሰካሁና ጀመርኩ። የሰፈራችን መብራት አካሄዱ የሰካራም ነው። ከኋላችን ደግሞ ብየዳ ቤት አለ፤ በያጁ እሳቱን በጫረ ቁጥር የእኛ አምፖል አንገቱን ይደፋል። ሣጥኑ ሳለ ይህ ሁሉ የእሱ ጣጣ ነበር፣ እኔ መኖሩንም አላውቅ። ሕጉን በሁለት መስመር ጻፍኩት፤ የገባልሽ ከሰባት ከበለጠ አምስት ስጪ፣ ካነሰ ከገባልሽ ላይ ሁለት ቀንሰሽ ስጪ። ቆንጆ ሆና ታየችኝ። ሴቭ ላደርግ እጄን ስዘረጋ ከኋላ ጭርርር የሚል ድምፅ መጣ፣ ስክሪኑ ጠቆረ። መልሼ ሳበራው ሁለቱ መስመር ብቻ ሳይሆን የትናንቱም ሥራ በግማሽ ተበልቶ ጠበቀኝ። ደግነቱ ቅጂውን በፍላሽ ይዤው ነበር። እንደገና ጻፍኩ፣ እንደገና ጠፋ። ሄጄ በያጁን እንዳልቆጣው ሥራው ነው። ቴሌቪዥኑን እንዳልቆጣው እንኳን ሊሰማኝ ገና አልበራም። አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ ማለት የእኔ ነገር ነው እያልኩ ፍላሹን ይዤ ከቤት ወጣሁ።

የኤሌክትሪክ ዕቃ መሸጫው መንገድ ቅዳሜ ቅዳሜ ሰው በሰው ነው። ሱቆቹ ገመዱን በጥቅል በጥቅል አስፋልት ድረስ አውጥተውታል፣ በጠራራ ፀሐይ መቶ አምፖል ይበራል፣ አላፊ አግዳሚው ግን አንድም አምፖል ቀና ብሎ አያይም። አንዱ ባለሱቅ ለትንሿ ስታቢላይዘር የወር ደመወዜን ሊጨርስ ጥቂት የቀረው ዋጋ ጠራልኝ። አስተማሪ ነኝ ስለው ከልቡ አዘነ፤ ለአስተማሪማ አስተያየት አለን ብሎ የአንድ ሻይ ዋጋ ቀነሰልኝ። ሻዩን ሌላ ቀን እንጠጣዋለን ብዬው አለፍኩ። ማዕዘኑ ላይ ያለው ኢንተርኔት ቤት ገባሁ፤ ስታቢላይዘር አለው፣ ወንበር አለው፣ ግን ከእያንዳንዱ ስክሪን በላይ ምንም ነገር መጫን ክልክል ነው የሚል ወረቀት ተለጥፏል። ባለቤቱን አስረድቼ ብለምነው በሽታ ይዤ የገባሁ ያህል ፍላሼን በዓይኑ ከላይ እስከ ታች ገረመመው። ስወጣ ፀሐይዋ ከአናት አልፋ ማዘንበል ጀምራ ነበር። ወደ ቤት የተመለስኩት በእግር ይሁን በክንፍ አላውቅም፤ ብቻ በሩ ላይ ስደርስ ትንፋሽ አልነበረኝም።

የጋሼ ሚስት ሳሎን ተቀምጣ ብርጭቆ እየወለወለች አገኘኋት። ልብስ ሰፊ ናት፤ ማሽኗ ሳሎኑ ጥግ ላይ፣ ከሶፋው ኋላ ነው የሚቀመጠው፣ ለዛሬ፣ የጋሼ ሥራ አስኪያጅ ኳስ ሊያዩ ስለሚመጡ፣ በዳንቴል ሸፍናዋለች። አዲሱ ቴሌቪዥን ግድግዳውን ወርሶ የሠርጋቸውን ፎቶ በግማሽ ጋርዶታል፤ የእሷ ፊት ይታያል፣ የጋሼ ተሸፍኗል። ከሥሩ የእኔ ሣጥን በኩራት ያንኮራፋል። ብርጭቆውን ወደ መብራት አንስታ አየችና አስቀመጠችው።

«ዋርሳዬ» አለችኝ፣ «ሣጥኑ ወደ አንቺ ካልመጣ አንቺ ወደ ሣጥኑ አትሄጂም? ሁለት ሶኬት አለው እኮ።»

ይህን እኔ፣ የኤሌክትሮኒክስ መምህርቷ፣ ከጠዋት ጀምሮ አላሰብኩትም ነበር። ኩርፊያ ዓይን ይሸፍናል። እሷ ስክሪኑን፣ እኔ ሌላውን ታቅፈን ዳንቴሉን ገፈን የስፌት ማሽኑ ክዳን ላይ ደረደርነው። ገመዱን ከሶፋው ሥር አሾልኬ ሣጥኑ ላይ ስሰካው ያቺ የማውቃት ማንኮራፋት ወፈር አለች፣ ኮምፒውተሬም ያለ ምንም ማቅማማት ተነሳ።

በዚህ መሐል ጋሼ ግማሽ ፊቱን ተላጭቶ፣ ግማሹ አረፋ እንደሆነ ብቅ አለ። እኔን አየ፣ ኮምፒውተሩን አየ፣ እማዬን አየ። ንገሪያት ብሎ ሲጀምር በሩ ተንኳኳ፤ አረፋውን ይዞ ወደ ኋላ ሮጠ። ያንኳኩት የሚጠብቃቸው እንግዶች ነበሩ። ጋሼ ማተሚያ ቤት ውስጥ የፈረቃ ኃላፊ ነው፣ ከጥፍሩ ሥር ያለው ቀለም ለሠርጉ ቀን እንኳን አልለቀቀም። የሥራ ባልደረቦቹ «ይቻላል» ይሉታል። ማሽን ተበላሸ ሲሉት ይቻላል፣ ሁለት ሰው ለቀቀ ሲሉት ይቻላል፣ ለነገ ጠዋት ይድረስ ሲሉት ይቻላል። ሥራ አስኪያጁ ከባለቤታቸው ጋር የሚመጡት ለኳስ ነው ይባል እንጂ የሚመጡት ለዚህችው ቃል ነው። ትልቅ የመማሪያ መጽሐፍ ኅትመት ተቀብለዋል፣ ሠራተኛውን ደግሞ በግማሽ ቀንሰዋል፤ ጋሼ ባለው ሰው እጨርሳለሁ እንዲላቸው ይፈልጋሉ። እሱም ሊላቸው ነው። ሰሞኑን ቤት ሲገባ ጫማውን ሳያወልቅ ወንበር ላይ እንቅልፍ ይጥለዋል። ማናችንም ምንም አንለውም፣ እሱም ምንም አይለንም።

ሥራ አስኪያጁ ግዙፍ፣ ድምፃቸው ለስላሳ ሰው ናቸው። ጋሼ ከሶፋው ኋላ የተደበቅሁትን እኔን እህቴ ናት፣ ኮምፒውተር ትሠራለች ብሎ በአጭሩ አስተዋወቀኝና ፊታቸውን ወደ ቴሌቪዥኑ እንዲያዞሩ ትራስ አደላደለላቸው። ኳሱ ተጀመረ። እኔም ጀመርኩ። ሁለቱን መስመር ጻፍኩ፣ ሴቭ አደረግሁ፣ ሰባት አስገባሁ፤ አምስት ወጣ። ሦስት አስገባሁ፤ አንድ ወጣ። ደስታዬን የማካፍለው ሰው ስላልነበረ ወንበሬን ጨበጥኩት። ከዚያ የእኛን ሰፈር መብራት አስመስዬ፣ የሚገባውን ጉልበት ቀስ እያልኩ ከፍ ዝቅ እንዲል አደረግሁት። ሰባት ላይ ሲደርስ ስሌቱ ቆመ። እንደገና ሞከርኩ፣ እዚያው ቦታ ቆመ። ኮምፒውተሩ መልስ የሚያገኘው እየገመተ፣ ግምቱን እያረመ ነው። ድንበሩ ላይ ሲደርስ አንደኛው ሕግ ወደ ሁለተኛው ይገፈትረዋል፣ ሁለተኛው መልሶ ወደ አንደኛው፤ እንደ እማዬ በሁለት አኩራፊ መሐል ሲመላለስ ይደክመውና ሥራውን ይተወዋል። በዚህ ዓይነት ብልከው ሽማግሌው ሳያመነታ ይመልስብኛል።

ዕረፍት ሲሆን የሥራ አስኪያጁ ባለቤት ዞር ብለው ምን እንደምሠራ ጠየቁኝ። ለወግ ያህል ጠይቀው ሊሆን ይችላል፣ እኔ ግን ከጠዋት ጀምሮ የሚጠይቀኝ ሰው ስፈልግ ነበር። ባለ ሦስት እግሯን፣ ተማሪዎቼን፣ ባዶውን መሳቢያ፣ የሽማግሌውን ጥያቄ ሁሉ አፈሰስኩት። ሥራ አስኪያጁም ሳይወዱ በግድ ያዳምጡ ጀመር። ጋሼ ማስታወቂያውን እንደ ዜና አፍጥጦ ያያል።

«ሦስት ገብቶላት አምስት ሰጠሁ ካለች ዋሽታለች» አልኳቸው። «ውሸቱ ደግሞ የሚታወቀው ስክሪን ላይ አይደለም፤ ዕቃው እጅ ላይ ሲሞት ነው።»

ሥራ አስኪያጁ ታዲያ ጠንካራዋን መግዛት ነዋ አሉ። ጠንካራዋም ከምንም አታመጣም፣ ከአቅሟ በላይ ሲጭኑባት ትግላለች፣ እየጋለች እየጋለች አንድ ቀን ትዘጋለች አልኳቸው። የጋሼ ሚስት ሻይ እየቀዳች ነበር። ማንንም ሳታይ፣ እዚህ ቤትም አንድ አለ አለች። ጋሼ ከጥፍሩ ሥር ያለውን ቀለም ይፍቅ ጀመር።

ሁለተኛው አጋማሽ ሲጋመስ ውጭው ደነገዘ። ይህ ሰዓት በየቤቱ ምድጃ የሚበራበት፣ የሰፈራችን መብራት ጉልበቱ የሚከዳበት ሰዓት ነው። ሣጥኑ ጠቅ አለ። ደረጃ ቀይሮ መደገፉ ነው። ትንሽ ቆይቶ ደግሞ ጠቅ አለ፣ ከዚያ ደግሞ ጠቅ። ፊቱ ላይ ያለችውን ቀይ መርፌ ከተቀመጥኩበት ጎንበስ ብዬ አየኋት። ስንት ዓመት እግሬ ሥር ሲኖር አንድ ቀን እንኳን ፊቱን አይቼው አላውቅም። የመጨረሻዋን ደረጃ ከጨረሰ በኋላ የሚቀይረው ሌላ አልነበረውም፤ ጠቅታው ቆመ፣ መርፌዋ መውረድ ጀመረች። ከገደል እንደሚወድቅ አልወደቀችም። መጀመሪያ ተንቀሳቅሳለች አልተንቀሳቀሰችም ያሰኛል፣ ከዚያ ዘንበል፣ ከዚያ እየለሰለሰች ወረደች። እኔ ግን ለባለ ሦስት እግሬ የሠራሁላት ገደል ነበር። እውነተኛ ዕቃ አቅሙ ሲያልቅ በአንድ ቅጽበት አያልቅም፤ ሲያልቅ ይታወቅበታል፣ የሚያየው ሰው ከተገኘ።

ሁለቱን መስመር ደመሰስኳቸው። በምትካቸው አንድ ሒሳብ ጻፍኩ፤ ከሰባት ራቅ ብሎ ሲበዛ አምስት፣ ወደ ሰባት ሲጠጋ እየለዘበ፣ ሲያንስ አብሮ እየወረደ፣ ማዕዘን የሌለው። አስጀመርኩት። ጉልበቱ ወጣ፣ ወረደ፣ ሰባትን ሳይደናቀፍ አለፈ፣ ተመልሶ አለፈ። መስመሩ ስክሪኔ ላይ እንደ ረጋ ውሃ ተዘረጋ። እሰይ ብዬ ብድግ አልኩ። ለካ በዚያችው ቅጽበት የሥራ አስኪያጁ ቡድን ጎል ገብቶበት ኖሯል። ዞረው ያዩኝን አስተያየት አልረሳውም። ይቅርታ ጠይቄ ቁጭ አልኩ፣ ግን ሳቄን መመለስ አልቻልኩም፤ ከሶፋው ኋላ አፌን በእጄ ይዤ እንባዬ እስኪወርድ ሳቅሁ።

ለመላክ ገጹን ከፈትኩ። አሥራ ሁለት ሊሆን ምንም አልቀረውም። እያንዳንዱ አዲስ ዕቃ ከአንድ የማሳያ ሥዕል ጋር ነው የሚላከው፣ ሥዕሉም ስም ያስፈልገዋል፤ እኔ ባዶ ትቼው ነበር፣ ገጹ ያለ ስም አልቀበልም አለ። መርፌዋን አየሁ፣ ቀዩ ምልክት ጋ ልትደርስ ነው፤ እዚያ ከደረሰች ሣጥኑ ሁሉንም ይዘጋል። በእኛው ፊደል የመጣልኝን አንድ ቃል ጻፍኩና መላኪያውን ተጫንኩ። መሄዱን የምታሳየዋ አረንጓዴ መስመር እንደ አሮጊት ታዘግማለች። የቴሌቪዥኑ ሥዕል መጥበብና መስፋት ጀመረ። ሥራ አስኪያጁ ምነው አሉ። እኔ መርፌዋን ነበር የማየው፤ ቀና ስል ጋሼም እሷኑ እያየ ነው።

ተነሳ። ጨዋታው ሊያልቅ ትንሽ ደቂቃ ሲቀረው፣ እንግዶቹ ፊት፣ ጎንበስ ብሎ የቴሌቪዥኑን ገመድ ነቀለው። መርፌዋ ትንሽ ቀና አለች።

«ሁለቱን አይችልም» አላቸው ለሥራ አስኪያጁ። ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። «ላኪ።»

ከክረምቱ ወዲህ በቀጥታ ለእኔ የተናገረው የመጀመሪያ ቃል ነው። እየሄደ ነው አልኩት። ሁላችንም፣ ሥራ አስኪያጁ ሳይቀሩ፣ አረንጓዴዋን መስመር ቆመን ሸኘናት። ደረሰ የሚል ጽሑፍ ሲመጣ እማዬ ከወጥ ቤት በር ላይ ሆና ተመስገን አለች፤ ምን እንደደረሰ ግን አላወቀችም።

ሥራ አስኪያጁ የሻዩን ማንኪያ አዟዟሩና ሳቅ ለማለት ሞከሩ። እንግዲህ የመጣሁበትን ልጨርስ አሉ፣ መጽሐፎቹን ባለን ሰው ትጨርስልኛለህ አይደል ይቻላል? አሉት፣ በቅጽል ስሙ ጠርተው። የጋሼ ሚስት የቀዳችውን ሻይ እንደያዘች ቀረች። ጋሼ የነቀለው ገመድ አሁንም እጁ ላይ ነበር። ጠቅልሎ ቴሌቪዥኑ ሥር አስቀመጠው።

«አይቻልም» አለ። «ባለኝ ሰው የሚሠራው ባለኝ ሰው ልክ ነው። ይቻላል ብልዎት ዛሬ ደስ ይልዎታል፣ መጽሐፉ ግን አይደርስም።»

ሥራ አስኪያጁ ይህን ለምን እስከ ዛሬ አልነገርከኝም አሉት። ጋሼም እኔም አላውቀውም ነበር አላቸው። ፊታቸው አልተፈታም፣ ግን አልጮሁም። ባለቤታቸው ቦርሳቸውን አንስተው ሲወጡ እጄን ጨበጡኝ፣ ጨበጣቸው ጠበቅ ያለ ነበር። በሩ ላይ ሥራ አስኪያጁ ቆም አሉና፣ ሰኞ ስንት ሰው እንደሚያስፈልግህ ይዘህ ና፣ ቃል አልገባልህም አሉት። ጋሼ ሸኝቷቸው ሲመለስ ኮቱን አውልቆ፣ ጫማውንም አውልቆ፣ ሶፋው ላይ ከነድካሙ ዘረጥ አለ። የሚፈራ መስሎኝ ነበር። እየሳቀ ነው። ጎሉ ሲገባ እሰይ ያልሺው ነገር ሥራዬን ሳያሳጣኝ አይቀርም አለኝ። እኔም ሣጥኔን ለሰረቀ ሰው ሲያንሰው ነው አልኩት። በቀጥታ፣ ያለ ስኳር።

ኮምፒውተሩን ወደ ክፍሌ ሊመልስልኝ ሣጥኑን በእጁ ነካ፣ ትኩሳት እንደያዘው ሕፃን ግንባር መዳፉን አሳረፈበት። ትንሽ ይረፍ አለ። በዚህ መሐል የሽማግሌው መልስ ስክሪኑ ላይ ብቅ አለ። ሁለት መስመር ብቻ ነው። ጋሼ ራሱ ጎንበስ ብሎ አነበበው። ሦስት አስገብቼ አንድ አወጣልኝ፣ ሰባትን ሃያ ጊዜ አቋረጥኩት አልወደቀም፣ በዛሬው እትም ገብታለች ይላል የመጀመሪያው። ጮህኩ። የጋሼ ሚስት አቀፈችኝ፣ እማዬ ምን ሆናችሁ እያለች አብራ አቀፈችን። ጋሼ ግን ሁለተኛውን መስመር ደግሞ ደግሞ ያነባል። የማሳያ ሥዕሉን ስም ማንበብ አልቻልኩም፣ በምን ቋንቋ ነው፣ ምን ማለት ነው ይላል፤ ቃሉን እንዳለ አስፍሮታል።

«ጋሼ ነው ያልሺው?» አለኝ።

ሌላ ቃል አልመጣልኝም ነበር፣ መርፌዋ እየወረደች ነበር አልኩት። ዓይኑ ቀላ፤ ከእንቅልፍ ማጣቱ ነው ብዬ አለፍኩት። ወንበሬን ስቤ ተቀመጥኩና ጣቶቼን ፊደሎቹ ላይ አደረግሁ።

«ምን ማለት ነው ልበለው?»

ወንድሜ ቆሞ አሰበ።

«የገባለትን ያህል የሚሰጥ ማለት ነው በይው» አለ።

ያንኑ ጻፍኩ። እማዬ ከኋላችን ወንድምሽ እንዲህ ይላል ልትለኝ አፏን ከፈተች፣ ሁለታችንን በየተራ አየችን፣ አፏን ገጥማ ብርጭቆዎቹን ትሰበስብ ጀመር።